አስማተኛውን ምጣድ ማን ሠራው? ምናባዊ ዓለም ለሚፈጥሩ ጸሐፍትና ሠዓልያን የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ይድረስ፦ ምናባዊ ታሪክ በአማርኛ ለምትጽፉ ደራስያን፣ ለልጆች መጻሕፍት ሠዓልያንና አሳታሚዎች፣ እንዲሁም የስልክና የኮምፒውተር ጨዋታ ለምትሠሩ ወጣቶች

ጉዳዩ፦ በታሪኮቻችሁ ውስጥ ስላሉ አስማተኛ የማድ ቤት ዕቃዎች

ጤና ይስጥልኝ!

የአማርኛ አስተማሪ ነኝ። በራሳችን ፊደል የሚጻፉ ምናባዊ ታሪኮች እየበዙ በመምጣታቸው ከልቤ ደስ ይለኛል። ልጆች ዘንዶ ስለሚጋልብ ጀግናና በደመና ላይ ስለተሠራ ከተማ በገዛ ቋንቋቸው ሲያነቡ ፊታቸው እንዴት እንደሚበራ በየቀኑ አያለሁ። አንዱ መጽሐፍ ከእጅ ወደ እጅ ሲዞር ከርሞ ሽፋኑ ተገንጥሎ ይመለስልኛል። ይህን ደብዳቤ የምጽፍላችሁ ሥራችሁን ስለምወደውና ከዚህም የተሻለ እንዲሆን ስለምመኝ ነው።

የምለምናችሁ አንድ ነገር ነው። በፈጠራችሁት ዓለም ውስጥ አስማተኛ ድስት፣ ምጣድ፣ ወፍጮ ወይም መሶብ ስታስገቡ፣ ዕቃውን የሠራውን ሰውና በዕቃው የሚያበስለውን ሰው ከታሪኩ አታስወጡብን።

ብዙ ጊዜ የማነበው ታሪክ እንዲህ ነው። ጀግናው ጫካውን አቋርጦ፣ ደክሞትና ርቦት አንድ ግንብ ይደርሳል። ግንቡ ውስጥ የወርቅ ድስት አለ። ጀግናው ያጨበጭባል፣ ክዳኑ ብድግ ይላል፣ ዶሮ ወጥ ከነዕንቁላሉ እየጨሰ ይቀርባል። ይበላል፣ ይጠግባል፣ ምዕራፉ ያልቃል። ድስቱን ማን እንደሠራው፣ እስከዚያ ቀን ድረስ ማንን ሲመግብ እንደኖረ፣ ምን ሲጎድልበት እንደሚቆም፣ ከዚያስ ማን እንደሚያጥበው አንድም መስመር የለም። በሚቀጥለው ምዕራፍ ሰይፉ ስም አለው፣ ቀጥቃጩ ታሪክ አለው፣ ፈረሱ ሳይቀር የዘር ሐረግ አለው። ድስቱ ግን ከየትም መጥቶ ወደየትም ይሄዳል።

ዶሮ ወጥ ሲሠራ አጠገቡ የቆመ ሰው ይህን ምዕራፍ እንዲህ አይጽፈውም። ሽንኩርቱ በደቃቁ ይከተፋል፤ ዘይት ሳይነካው ድስት ውስጥ ገብቶ ሲቁላላ ሰዓታት ይፈጃል። እንዳያርር አንድ ሰው ማማሰያ ይዞ ከሥሩ አይነሣም። በርበሬው ይገባል፤ ሲደርቅ ውሃ ጠብ እየተደረገለት ቁሌቱ ቀስ እያለ ይበስላል፤ ሽታው ጎረቤት ድረስ ይሄዳል። ዶሮዋ በ12 ብልት ትወጣለች፤ ብልቱ በሎሚና በጨው ውሃው ጥርት እስኪል ደጋግሞ ይታጠባል። ቅቤው መቼ እንደሚገባ፣ መከለሻው መቼ እንደሚነሰነስ የሚታወቀው በዓይንና በአፍንጫ ነው። በዚህ መሃል ስንት ወሬ ይወራል! ስንት ምስጢር ይወጣል፣ ማን ለማን እንደሚዳር ይወሰናል፤ ምራትና አማች የሚታረቁትም የሚኳረፉትም እዚያ ነው። ለደራሲ ከዚህ የበለጠ ቦታ ከየት ይገኛል? ይህን ሁሉ በአንድ ጭብጨባ ስታልፉት ለታሪኩ አስማት የጨመራችሁለት ይመስላችኋል፤ እኔ ሳነበው ግን ሰዎቹ የጎደሉት ታሪክ ይሆንብኛል።

አስማተኛ ድስት አትጻፉ እያልኩ አይደለም። ብዙ የዓለም ሕዝቦች ጽፈውታል፣ ተርከውታል። እንዴት አድርገው እንደተረኩት እንድታዩልኝ ግን እፈልጋለሁ።

ከሁሉ የምወደው የህንዶቹን ነው። ማሃባራታ በተባለው ጥንታዊ የግጥም ታሪካቸው ውስጥ ፓንዳቫ የሚባሉት ወንድማማቾች ተሰደው ዱር ሲገቡ፣ እነሱንና ተከትለዋቸው የመጡትን ብዙ ሰዎች የሚመግቡበት ያጣሉ። ታላቅየው ዩዲሽቲራ ወደ ፀሐይ ይለምናል፤ ፀሐይም አክሻያ ፓትራ የተባለ የማያልቅ ዕቃ ይሰጠዋል። ዕቃው ግን ሕግ አለው። በየቀኑ የሚሰጠው ድራውፓዲ እስክትበላ ድረስ ብቻ ነው፤ እርሷ በልታ ስታበቃ እስከ ነገ ይዘጋል። ድራውፓዲ ደግሞ የወንድማማቾቹ ሁሉ ሚስትና የቤቱ እመቤት ናት፤ የምትበላው እንግዳውም ባሎቿም ሁሉም ጠግበው ካበቁ በኋላ ነው። እስቲ ይህን ልብ በሉት። ታሪኩን የተረኩት ሰዎች ለአስማቱ ወሰን ሲፈልጉለት ያገኙት የአብሳይዋን ሆድ ነው። መጨረሻ ላይ የምትበላው ሴት መብላቷ ራሱ የዓለሙ ሕግ ሆነ። አንድ ቀን ታዲያ እርሷ በልታ ካበቃች በኋላ ዱርቫሳ የሚባል ሲቆጣ የሚራገም ባሕታዊ ከብዙ ደቀ መዛሙርቱ ጋር በእንግድነት ይመጣል። ከዚያ በኋላ ያለውን ጭንቀት እኛ አገር እንግዳ በድንገት የመጣበት ቤት ሁሉ ያውቀዋል። አምላካቸው ክሪሽና ደርሶ በዕቃው ጠርዝ ላይ የቀረች አንዲት ፍርፋሪ ይቀምሳል፤ እንግዶቹም ሳይበሉ ጥግብ ይላሉ። በታሪኩ ውስጥ ረሃቡም ድካሙም ይሉኝታውም በቦታው አለ፤ አስማቱ የሚያምረውም ለዚህ ይመስለኛል።

የእኛም አገር እናት ቤተሰቡ ሁሉ ከበላ በኋላ ድስቱን ጠርጋ የምትበላ ናት። ይህን ከማናችንም በላይ የምታውቁት እናንተ ናችሁ፤ ብዙዎቻችሁ በዚያ እጅ ነው ያደጋችሁት። እንዲህ ያለ ሕግ ያለው ድስት በአማርኛ ሲጻፍ ለማንበብ በጣም እጓጓለሁ።

ጀርመናውያኑ የግሪም ወንድማማቾች ከሰበሰቧቸው ተረቶች በአንዱ ደግሞ አንዲት ድሃ ልጅ በአንድ ቃል ገንፎ የሚያበስል ድስት ታገኛለች። እናትየው ልጇ በሌለችበት ታዘዋለች፤ ማስቆሚያውን ቃል ግን አታውቀውም። ገንፎው ከቤት አልፎ ከተማውን ያጥለቀልቃል። አጭር ተረት ናት፤ ዕቃውን በደንብ የሚያውቀው ዘወትር የሚጠቀምበት ሰው መሆኑን ግን አልረሳችም።

የፊንላንዶቹን ሳምፖም አንሡት። ኤልያስ ሎንሮት ከገበሬ ዘፋኞች አፍ ሰብስቦ በ1835 እ.ኤ.አ. ባሳተመው የቃል ግጥም ውስጥ ያለ ወፍጮ ነው፤ በአንድ ጎኑ ዱቄት፣ በሌላው ጨው፣ በሦስተኛው ገንዘብ ይፈጫል። የሰሜኗ አገር እመቤት በዘጠኝ ቁልፍ ትቆልፍበታለች፤ ሊሰርቁት የመጡት ሰዎች በመርከብ ይዘውት ሲሸሹ በተነሣ ጠብ ባሕር ውስጥ ገብቶ ይሰባበራል። እኔን የሚገርመኝ ግን አሠራሩ ነው። ሳምፖን የሠራው ኢልማሪነን የተባለ ቀጥቃጭ ነው፤ ዘፋኞቹ በስሙ ይዘፍኑለታል። ከገብስ ፍሬ፣ ከመካን ላም ወተት፣ ከበግ ፀጉርና ከወፍ ላባ እንደሠራው ይነግሩናል። እሳቱ ስንት ጊዜ እንዳስቸገረው፣ መጀመሪያ ከእቶኑ ምን የማይረባ ነገር እንደወጣና መልሶ እንደወረወረው ሳይቀር ይተርካሉ። ዕቃው ታላቅ የሆነው የሠሪውን ድካም ስላየን ነው።

ከመጽሐፍ ቅዱስ የሰራፕታዋን መበለት ሁላችሁም ታውቋታላችሁ። ዱቄቱ ከማድጋዋ አላለቀም፣ ዘይቱም ከማሰሮዋ አልጎደለም። ኤልያስ ሲያገኛት ግን ምን ስትሠራ ነበር? እንጨት ስትለቅም። ተአምሩ ከመጣ በኋላም ዱቄቱን የሚያቦካ፣ እሳቱን የሚያነድ፣ እንጎቻውን የሚጋግር እጅ ያስፈልግ ነበር። ታሪኩ እጇን አልነጠቃትም።

ሌላም አለ፤ ይህኛው ለእኛ ቀረብ ይላል። የግሪኩ ሄሮዶቱስ የዛሬ 2,400 ዓመት ገደማ ሲጽፍ፣ የፋርሱ ንጉሥ ካምቢሰስ ሰላዮች የላከባትን፣ ከግብፅ በስተደቡብ ያለች የኢትዮጵያውያን አገር ያነሣል። የእርሱ ኢትዮጵያ ዛሬ ካለችው ጋር አንድ ናት ለማለት አይቻልም። እዚያ የፀሐይ ማዕድ የሚባል ነገር አለ ይላል፤ ከከተማው ውጭ ያለ መስክ ነው፣ የተቀቀለ ሥጋ ሞልቶበታል፣ ቀን ቀን የፈለገ ሁሉ እየመጣ ይበላል። የአገሩ ሰዎች ሥጋውን መሬቷ ራሷ ታፈራዋለች ይላሉ። ሄሮዶቱስ ግን ወዲያው ይነግረናል፤ ሌሊት ሌሊት ሥጋውን የሚያስቀምጡት በሹመት ላይ ያሉ ሰዎች ናቸው። እኔ ደግሞ እጠይቃለሁ፤ ሹማምንቱ ያስቀምጡት፣ የቀቀለውስ ማነው? ያን ሁሉ ሥጋ ማን ከተፈው፣ ማን ውሃ ቀዳለት፣ ማንስ በጭለማ እሳት ሲያነድ አደረ? እኔ እስካየሁት ማንም አልጻፈውም። ከእናንተ አንዳችሁ ብትጽፉት፣ ሌሊቱን ሙሉ ሠርቶ ጎህ ሲቀድ የሚሰወረውን ሕዝብ ታሪክ ብታመጡልን፣ እኔ የመጀመሪያዋ ገዢ ነኝ።

አሁን ወደ ራሳችን ማድ ቤት ልመለስ፤ የአስማት ችግር የለበትምና።

ጤፉ ይቦካል፤ እርሾ ይገባበታል። እርሾው ካለፈው ሊጥ ላይ የተቀዳ ቢጫ ውሃ ነው፤ ያም ከዚያ በፊት ከነበረው፣ ያም ከዚያ በፊት። ቤት ውስጥ እርሾ ካለቀ ጎረቤት ይኬዳል፣ በጣሳ ይመጣል። ሊጡ ሁለት ሦስት ቀን ከርሞ አብሲት ይጣልለታል፣ ኩፍ ይላል። ምጣዱ በጎመን ዘር ይታሰሳል። የመጀመሪያዋ እንጀራ ለማሟሻ ትሄዳለች። ከዚያ ሊጡ ከዳር ወደ መሃል እየዞረ ሲፈስ፣ በጸጥታ ብቅ ብቅ የሚሉት ዓይኖች ይታያሉ። አክንባሎው ይከደናል፣ በጠርዙ እንፋሎት ይወጣል፣ እንጀራው በሰፌድ ይነሣል። ልጆቼን ሳስተምር ይህን ሂደት በተራ እንዲጽፉ አደርጋለሁ፤ እናቱ ስትጋግር አጠገቧ የሚቀመጥ ልጅ የሚጽፈው ጽሑፍ ከሌላው በግልጽ ይለያል። አንዷ ተማሪዬ «ሊጡ ሌሊት ሌሊት ያወራል» ብላ ጻፈች። ቡሃቃው ላይ ጆሮዋን አስጠግታ የአረፋውን ድምፅ ሰምታ ነው። እንዲህ የሚሰሙ ልጆች አሉን፤ እኛ ግን ከሰማይ የወረደ የወርቅ ድስት እናስነብባቸዋለን።

ጭሱም አለ። ባለ ሦስት ጉልቻ እሳት ላይ የሚጋገርበት ጎጆ ውስጥ የገባ ሰው ዓይኑን ማሸት የሚጀምረው ከበሩ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው በ2020 እ.ኤ.አ. ብቻ በቤት ውስጥ ጭስ ሰበብ 3.2 ሚሊዮን ሰው ሞቷል፤ ከፍተኛው ጉዳት የሚደርሰው እሳቱ አጠገብ በሚውሉት ሴቶችና በጀርባቸው ባዘሏቸው ሕፃናት ላይ ነው። ከሲሚንቶ የሚሠራው «ምርጥ» የሚባለው ምድጃ ማገዶውን በግማሽ ያህል ይቀንሳል። የኤሌክትሪክ ምጣድ ያላት ደግሞ ከጭሱ ድናለች፤ ምጣዱ ግን ከ3 እስከ 4 ኪሎዋት ይስባልና መብራት ሲደክም አይሞቅም፤ ሲጠፋም ሊጡ ቡሃቃ ውስጥ እየኮመጠጠ ይጠብቃል። ጫካው በራቀ ቁጥር እንጨት ለቃሚዎቹ የሚሄዱት መንገድ ይረዝማል፤ ሸክሙ ያው ነው።

አስማት የሚያስፈልገው እዚህ ጋ ነው። ጀግናው ሲርበው ለአንድ ማታ የሚያበላው ድስት ለእኔ ብዙም አይደንቀኝም። ያለ ጭስ የሚሞቅ ምጣድ ግን የአንድን አገር ሕይወት ይለውጣል። እንጨት መልቀም የቀረላቸው ልጃገረዶች በዚያ ሰዓት ምን ይሠራሉ? እንጨት ሸጠው የሚኖሩትስ ምን ይበላሉ? ምጣዱ አንድ ብቻ ከሆነ ማን ቤት ይቀመጣል? ንጉሡ ይወስደዋል ወይስ በወረፋ ይጋገርበታል? ለምጣዱ ሲባል አይጧ ትለፍ የሚል ሕዝብ፣ አስማተኛ ምጣድ ቢያገኝ ምን ምን እያየ እንዳላየ ያልፋል? እነዚህን ጥያቄዎች የሚመልስ ደራሲ መጽሐፉን ለመሙላት ጦርነት መፈለግ አያስፈልገውም።

አሁን ስለ ሠሪዋ። ከሁሉ በላይ ልቤ ላይ ያለው ይህ ነውና ታገሡኝ።

ምጣድ የምትሠራ ሴት አፈሩን ከሩቅ ታመጣለች። ትወቅጠዋለች፣ ትነፋዋለች፣ ከተሰባበረ አሮጌ ሸክላ ዱቄት ጋር ታቦካዋለች። በእጇ ትዘረጋዋለች፤ ሰፊ ነው፣ ስስ ነው፣ እኩል ካልሆነ እንጀራው በአንድ በኩል ያርራል። በድንጋይ ትፈትገዋለች፣ በጥላ ታደርቀዋለች፣ በኩበትና በእንጨት ታቃጥለዋለች። ከእሳት ሲወጣ የነቃው ድካሟን ይዞ ይሄዳል። የተረፈውን በጀርባዋ አዝላ ገበያ ትወርዳለች፤ መንገድ ላይ ብትደናቀፍ የሳምንት እንጀራዋ ተሰበረ ማለት ነው።

ይህችን ሴት በአገራችን ምን ስንላት ኖርን? ቡዳ። ሸክላ ሠሪና ቀጥቃጭ ሌሊት ጅብ ይሆናል፣ በዓይኑ ይበላል እየተባለ በየመንደሩ ሲወራበት ኖረ። በእጇ የሠራችውን ምጣድ ገዝተን እንጀራችንን ጋገርንበት፤ እርሷን ግን በማዕዳችን አላስቀመጥናትም። ጎንደር አጠገብ ባለችው በወለቃ የነበሩት የቤተ እስራኤል ሴቶች በሸክላ ሥራቸው ስማቸው የታወቀ ነበር፤ ባሎቻቸው ቀጥቃጮች ነበሩ። እነሱም ቡዳ የሚለውን ስም ተሸክመው ኖሩ። አብዛኛው ወገናቸው በ1977 እና በ1983 ዓ.ም. በተደረጉት ትላልቅ ጉዞዎችና ከዚያ በኋላም እስራኤል ገብቷል፤ ይህን ደብዳቤ እዚያ ሆነው የሚያነቡም ይኖራሉ ብዬ አምናለሁ። አፄ ምኒልክ የእጅ ባለሙያ በሥራው እንዳይሰደብ በአዋጅ እስከመከልከል የደረሱት ነገሩ ሥር ስለሰደደ ነው። አዋጁ ወጣ፤ ስድቡ ግን ከተረታችን አልወጣም።

ፊንላንዳዊው ቀጥቃጭ በስሙ ሲዘፈንለት፣ የእኛዎቹ በተረት ጅብ ሆነው ቀሩ። እንግዲህ እናንተ አዲስ ተረት የምትሠሩ ናችሁ። አስማተኛ ዕቃ ስትጽፉ፣ ፈለጋችሁም አልፈለጋችሁም፣ በእጁ በመሥራቱ ብቻ አስማተኛ የተባለ ሰው ያለበትን አገር ታሪክ እየነካችሁ ነው። ሠሪውን ዝም ብላችሁ ብታልፉት ዝምታው ያው የቀድሞው ይሆናል። ሸክላ ሠሪዋን ክፉ ጠንቋይ አድርጋችሁ ብትስሏት ደግሞ ክፍል ውስጥ ካሉት ልጆቼ የአንዱ አያት ላይ ድንጋይ ወረወራችሁ። ይህን የምለው በጉዳዩ አዝኜ ነው፤ እንዲህ ያለ ገጸ ባሕርይ ያለበት ታሪክ ጮክ ብሎ ሲነበብ አንገቱን የደፋ ልጅ አይቻለሁ።

ከላይ ብዙ ስለጠየቅኳችሁ ባዶ እጄን አልቅረብ። አንድ ሐሳብ አለኝ፤ የወደደው ይውሰደው፣ እንዳሻው ያድርገው።

ዛፍ የማይበቅልባት፣ መሬቷ ጨው የሆነ፣ ዙሪያዋን በተራራ የተዘጋች ከተማ አስቡ። በከተማዋ መሃል እንጨት ሳይነድበት የሚሞቅ ትልቅ ምጣድ አለ፤ ሁሉም በተራው ይጋግርበታል። ምጣዱ አንድ ሕግ አለው። የሚሞቀው ከሌላ ሰው ቤት በተበደረ እርሾ ለቦካ ሊጥ ብቻ ነው። በራሱ እርሾ ያቦካ ሰው ሊጡን ቢያፈስስበት ምጣዱ እንደ ድንጋይ ቀዝቅዞ ይቀራል። ስለዚህ በዚያች ከተማ ጎረቤት ከጎረቤት ተኳርፎ ማደር አይችልም፤ ኩርፊያ ማለት ረሃብ ነው። ሽማግሌዎቹ ሥራ የላቸውም ማለት ይቻላል፤ አስታራቂው ምጣዱ ነው።

አንድ ዘመን ላይ ታላቅ ጠብ ይነሣል። የላይ ሰፈርና የታች ሰፈር በውሃ ይጣላሉ፤ ከዚያ ሰፈር ውስጥ ለውስጥ፣ ከዚያ ቤት ለቤት። እርሾ የሚያበድር ይጠፋል። ምጣዱ ይቀዘቅዛል። ሊጡ በየቡሃቃው ይሻግታል፣ ሕፃናት ማልቀስ ይጀምራሉ። ያን ጊዜ አንዲት ልጅ ክዳን ያላት ጣሳ ይዛ ሌሊት ከግንቡ ውጭ ትወጣለች። ከግንቡ ውጭ የምትኖረው ምጣዱን የሠራችው ሸክላ ሠሪ ናት። የከተማው ሰው ስለሚፈራት እዚያ አስቀምጧታል፤ ማንም እርሾ ተበድሯት፣ ማንም አበድሯት አያውቅም። እርሷ ግን ከማንም ጋር ስላልተጣላች እርሾዋ ንጹሕ ነው።

ልጅቷ ስትጠይቃት ሴትየዋ እሺ ትላታለች። ሁለት ነገር ግን ትጠይቃታለች። «እርሾውን ውሰጂ፤ እኔስ ስወልድና ስታመም፣ ሳጣም ስቸገርም እርሾ ከማን ቤት ልበደር? እንጀራውስ ሲጋገር መጥተሽ ከእኔ ጋር ትቆርሻለሽ?» ልጅቷ ወደ ከተማው ስትመለስ በጣሳዋ እርሾውን፣ በአፏ እነዚህን ጥያቄዎች ይዛ ነው። ምጣዱ ለእርሾው ይሞቃል። ሰዎቹ ግን በሴትየዋ እርሾ የተጋገረ እንጀራ አፋቸው ውስጥ ይገባል ወይ? ርቧቸዋል፣ ፈርተዋል፣ ምጣዱ ቀልቶ ይጠብቃል። እኔ እስከዚህ ነው የማውቀው፤ ቀሪውን የሚችልበት ይጻፈው።

ለሠዓልያን ጥቂት ነገር ልበል። በየመጽሐፉ የማየው አስማተኛ ድስት ሦስት እግር ያለው፣ ጥቁር፣ ሆዱ የተነፋ፣ አረንጓዴ አረፋ የሚደፍቅ ነው። ያ ድስት የሌላ ሰው አያት ድስት ነው፤ እነሱ በደንብ ሥለውታል። ጀበና የሚባል አንገቱ ረጅም፣ ጆሮ ያለው፣ በስተጎኑ አፍ ያወጣ ዕቃ ከፊታችሁ አለ። በሰበዝና በአክርማ የተሰፋ፣ በቀለማት የተዥጎረጎረ መሶብ አለ፤ ክዳኑ ተራራ ያክላል። ጠርዙ ከብዙ ዓመት እሳት የጠቆረ አክንባሎ አለ። እንስራን ሴት ስትሸከመው በጀርባዋ ላይ በምን ታስረዋለች፣ ጎንበስ ስትል ክብደቱ የት ያርፋል? ሂዱና እዩት፤ ከፎቶ አትገልብጡት። የጭሱን መልክም እዩልኝ፤ ጣሪያ ደርሶ ሲመለስ፣ በሳሩ መሃል ሲወጣ፣ የጠዋት ፀሐይ ሲያገኘው። የወፍጮንና የመጅን ነገርም አትርሱ፤ ሴቶች ሲፈጩ የሚያንጎራጉሩትን የሰማ ሠዓሊ የድንጋዩን እንቅስቃሴ በሌላ ዓይን ያየዋል።

ለጨዋታ ሠሪዎች ደግሞ፦ በጨዋታችሁ ውስጥ ምግብ የተጫዋቹን ጉልበት የሚሞላ ትንሽ ምስል ብቻ ሆኖ ይቀራል። እርሾ የሚቆጥቡበት፣ ከጎረቤት መንደር የሚበደሩበት፣ ምጣድ የሚያሟሹበት፣ የነቃውን ጥለው ወደ ሠሪዋ የሚመለሱበት ጨዋታ ብትሠሩ ልጆቼ ስልክ ከእጃቸው አይወጣም፤ ለዚያ ስል እኔም ይቅር እላቸዋለሁ።

የቀረው ለአሳታሚዎች ነው። ጉልቻ ቢለዋወጥ ወጥ አያጣፍጥም ይባላል። ሽፋን ማሳመርና ወረቀት ማወፈር ጥሩ ነው፣ ግን ከዚያ በፊት የሚሠራ ሥራ አለ። ስለ ጦር ሜዳ የሚጻፍ ረቂቅ ሲመጣላችሁ ነገሩን ለሚያውቅ ሰው ታስነብባላችሁ፤ ስለ ሕክምና ሲሆን ሐኪም ትጠይቃላችሁ። ማድ ቤት ያለበትን ምዕራፍ ለምትጋግር ሴት አስነብቡት። ማንበብ የማትችል ከሆነች አንብቡላት፣ የምትለውን ጻፉ፣ ለሰዓቷ ክፈሏት፣ ስሟንም እንደ አርታኢው ስም መጽሐፉ ላይ አስፍሩት። የሸክላ ሥራ ያለበት ሲሆን ደግሞ ሸክላ ሠሪዎች ዘንድ ሂዱ፤ በየገበያው አሉ፣ ምጣዳቸውን ደርድረው ተቀምጠዋል። ምን ብትሏቸው እንደሚከፋቸው ከእነሱ በላይ የሚነግራችሁ የለም።

እኔም የምችለውን አደርጋለሁ። ረቂቅ ይዞ ወደ ትምህርት ቤታችን ለሚመጣ ደራሲ ወይም ሠዓሊ የንባብ ሰዓታችን ክፍት ነው። ልጆቹ ያዳምጣሉ፣ የወደዱትንም ያልወደዱትንም ፊት ለፊት ይናገራሉ። ሊወስዷቸው የሚመጡ እናቶችና አያቶች በር ላይ ቆመው ስለሚጠብቁ፣ እነሱንም ወንበር ሰጥተን እንዲያዳምጡ እናደርጋለን፤ ቁሌቱ መቼ ውሃ እንደሚፈልግ፣ ምጣዱ በምን እንደሚነቃ ከእነሱ ትሰማላችሁ።

ከአክብሮት ጋር፣
አንዲት የአማርኛ አስተማሪ